ስምንቱ የዛህራ ፈረሶች

ባጃጅ ቡታጅራ ከመግባቷ በፊት ከተማውን የሚያንቀሳቅሰው አባቴ ነበር። የስምንት ዓመት ልጅ ሆኜ የማውቀው ይህንን ነው። አባቴ ሸምሶ ባለጋሪ ነው፤ የጋሪ ማኅበሩም ሰብሳቢ። ከአዲስ አበባ የመጣ አውቶቡስ መናኸሪያ ደርሶ ሰው ሲያራግፍ ከበሩ ውጭ ሃምሳ ስልሳ ጋሪ ተሰልፎ ይጠብቃል። ማን ቀድሞ እንደሚጭን የሚያዘው አባቴ ነው። አፉን አይከፍትም። ጣቱን ወደ አንዱ ይቀስራል፤ ያ ጋሪ ወጥቶ ይጭናል። ወደ ገበያም ሆነ ወደ ሆስፒታል፣ ወደ መስጊድም ሆነ ወደ ማርያም ለመሄድ ከእግር ሌላ ያለው ጋሪ ብቻ ስለነበር፣ አባቴ ጣቱን ካልቀሰረ ቡታጅራ ውስጥ ምንም ነገር ከቦታው የሚነቃነቅ አይመስለኝም ነበር። አንዳንድ ቀን ፀሐይዋም ጭምር።

ባለጋሪዎቹ፣ በዕድሜ የሚበልጡት ሳይቀሩ፣ «እርስዎ» ይሉታል። እናቴ እንኳ ሰው ፊት «አንተ» ብላው አታውቅም።

የዛሬ ሃያ ዓመት ገደማ፣ በአንድ የገበያ ቀን፣ እናቴ የምትሸጠውን የማረቆ በርበሬ ጭነን ስንሄድ ፈረሳችን ዳማ ድንገት ቀጥ አለ። ጆሮዎቹን አቆመ። ቀጥሎ የሌሎቹ ፈረሶች ጆሮ በየተራ ቆመ። እኛ የሰማነው ከነሱ በኋላ ነው። ጠጠር የሞላ ጣሳ ሲንቀጠቀጥ የመሰለ ድምፅ ከአዲስ አበባው መንገድ በኩል መጣ፤ ድምፁን ተከትሎ አንድ ሰማያዊ ነገር ብቅ አለ። መኪና እንዳልለው በሦስት እግሩ ነው የቆመው። በር የለውም፤ ጣሪያው ሸራ ነው፤ ግንባሩ ላይ አንድ ዓይን ብቻ አለው።

«አባ፣ መኪና ወለደች?» አልኩት። የመኪና ውርንጭላ መስሎኝ ነበር።

አባቴ ልጓሙን በሁለት እጁ ይዞ ነገሩን ያያል።

የምትነዳው ሴት ናት። ከቀሚሷ በላይ የወንድ ጃኬት ደርባ፣ ሻሿን ጥብቅ አድርጋ አስራ፣ ጥቁር መነጽር አድርጋለች። ገበያው መካከል አቁማ ስትወርድ ያ ሁሉ ሕዝብ ጸጥ አለ። ከዚያ በፊትም ሆነ ከዚያ ወዲህ የቡታጅራ ገበያ ጸጥ ሲል ሰምቼ አላውቅም። «አሰላሙ ዓለይኩም» አለች። አንድ ሽማግሌ ሳያስበው «ወዓለይኩም ሰላም» አለና ሰው ሁሉ ዞሮ አየው።

ዛህራ ትባላለች። የእኛው አገር ልጅ ናት አሉ፤ በልጅነቷ ድሬዳዋ ተድራ ሄዳ፣ ባሏ ሲሞት ባጃጁን ይዛ ተመለሰች። እኔ ይህን ወሬ የሚሰማ ጆሮ አልነበረኝም። ከጋሪው ወርጄ ባጃጇ ሥር ተንበርክኬ ፈረሱን እየፈለግሁ ነበር።

«ምን ጠፋሽ?» አለችኝ ከላይ።

«ፈረሱ።»

«አቦ፣ አንድ ብቻ መሰለሽ እንዴ? ስምንት ፈረስ አላት።»

ወደ ኋላ ወስዳ ክዳኑን ከፈተችልኝ። ቤንዚን ቤንዚን የሚሸት፣ የሚያቃጥል ጥቁር ብረት አለ። ጆሮዬን ጠጋ ሳደርግ ከውስጥ ቲክ፣ ቲክ፣ ቲክ ይላል። ኮቴ ነው። ስምንት ፈረሶች፣ እያንዳንዳቸው ከአንበጣ የማይበልጡ፣ ከረጅም መንገድ ደርሰው በዚያ ጨለማ ውስጥ መሬቱን እየደበደቡ ሲያርፉ ታዩኝ። የፈረስ ጉልበት የሚባለውን ነገር የተማርኩት ዘጠነኛ ክፍል ነው። መምህሩ ሰሌዳው ላይ ሲጽፈው ብቻዬን ሳቅሁና ከክፍል አስወጣኝ።

በዚያው ሳምንት ባለጋሪዎቹ ግቢያችን ውስጥ ተሰበሰቡ። የአባቴ የልብ ጓደኛ ከማሉ ነው የጀመረው። ቁመቱ አጭር፣ ድምፁ ግን ግቢውን የሚሞላ ሰው ነበር። «ዛሬ አንድ ናት» አለ። «ዝም ካልናት ለከርሞ መቶ ይሆናሉ።»

በዕድሜ ከሁሉም የሚበልጠው ያረጋል «ባሏ የሞተባት ሴት ናት። በልታ ትደር እንጂ» አለ።

«በልታ ትደር። ከእኛ አፍ ነጥቃ ግን አይደለም።»

ሁሉም ወደ አባቴ ዞሩ። አባቴ መሬት መሬቱን እያየ፣ ባጃጇ መናኸሪያው በር ላይ እንዳትጭን፣ ከማኅበሩ ሰው አንድም እንዳይሳፈርባት፣ አንድም እንዳይተባበራት አለ። እስላሙ ፋቲሃ አንብቦ፣ ክርስቲያኑ በማርያም ብሎ ማለ። ቀድሞ የማለው አባቴ ነው።

እናቴ ከበሩ ጀርባ ከእኔ ጋር በርበሬ ትቀነጥስ ነበር። እጇ ቆመ። «ምነው ሸምሶ» አለች ለራሷ። እኔ ግን ደስ ብሎኝ ነበር። አባቴ ቃል ከተናገረ ስምንቱ ፈረሶችም ቢሆኑ የሚያልፉ አልመሰለኝም።

አባቴ ከዚያ በፊት በነበረው ወር ወልቂጤ ለለቅሶ ሄዶ ነበር። እዚያ ባጃጆች አስፋልቱን ሞልተው፣ ባለጋሪዎች በየጥጋጥጉ ፈረሳቸውን ይዘው ቆመው አይቷል። ያንን አይቶ መጥቶ ነው የማለው። ግቢያችን የተሰበሰቡት ሰዎች ሁሉ ሲያዩት ሌላ ቃል ከአፉ አልወጣ ብሎት እንደሆነ የሰማሁት ትልቅ ሰው ከሆንኩ በኋላ ነው።

ጥቂት ሳምንት አለፈ። አባቴ ለሱብሂ ሰላት መስጊድ ይሄድና ፀሐይ እስክትወጣ መመለስ ተወ። ሲመለስ ሽታው ተለወጠብኝ። የአባቴ ሽታ የዳማ ሽታ ነበር፤ የፈረስ ላብና ጭድ። አሁን ግን እጁ ሌላ ነገር ይሸታል፤ የት እንደማውቀው ጠፋብኝ። እናቴ ቁርሱን ቆጮ በአይብ አቅርባለት ፊት ለፊቱ ትቀመጣለች።

አንድ ቀን ቦኖው ጋ ውሃ ተራ ይዤ ሁለት ሴቶች ሲያወሩ ሰማሁ።

«ሸምሶን በየንጋቱ ከድሬዋ ሴትዮ ጋር አየሁት።»

«ሁለተኛ ሊያገባ ይሆናላ። ምን ይከለክለዋል?»

«የአሚኔ እናትስ?»

«ምን ታውቃለች፣ ምስኪን።»

አሚኔ እኔ ነኝ። ሲያዩኝ ዝም አሉ። ጀሪካኔን ሳልሞላ ወደ ቤት ተመለስኩ።

በማግስቱ ንጋት አባቴን ተከተልኩት። ከመስጊድ ወጥቶ በባሕር ዛፎቹ በኩል ወደ ኳስ ሜዳው ታጠፈ። ጉሙ ሜዳውን ሸፍኖታል። ከጎሉ አጠገብ ባጃጇ ቆማለች። አባቴ ከፊት ተቀመጠ፤ ዛህራ ከኋላ ሆና ወደ ጆሮው ተጠጋች። ከአንድ ዛፍ ጀርባ ተለጥፌ አደመጥኩ።

«አየህ፣ ያንተ ችግር ችኮላ ነው» አለችው። አንተ አለችው። «አንደኛዋን ሳትለቅ ሁለተኛዋን ለማስገባት ትታገላለህ። መጀመሪያ አንደኛዋን ልቀቃት። ያን ጊዜ ሁለተኛዋ ሳትጮህ ትገባልሃለች።»

«ከለቀቅኋት በኋላ ቀጥ ብትልብኝስ?» አለ አባቴ። ድምፁ የማላውቀው ነበር፤ ትምህርቱን ያላጠና ተማሪ ድምፅ።

«አትልም። ዳገት ሲገጥምህ ደግሞ ወደ አንደኛዋ ትመለሳለህ።»

ስለ ማርሽ ነበር የሚያወሩት። ዛሬ ይህን ሳወራ ሰው በሳቅ ይፈርሳል፤ እኔም እስቃለሁ። ያን ጊዜ ግን ማርሽ የሚባል ነገር መኖሩን አላውቅም። እናቴ ለዳገት ብቻ የቀረች መሰለኝና እግሬ መሬት እስኪስት ሮጥኩ።

ቤት ስደርስ እናቴ እያንጎራጎረች ግቢ ትጠርጋለች። ምንም አታውቅም ብዬ አሰብኩ። ልነግራት አልቻልኩም። ደብተሬን ይዤ ስወጣ ከማሉ ፈረሱን ውሃ ሲያጠጣ አገኘሁት። ያደግሁት በእሱ ትከሻ ላይ ነው።

«አሚኔ፣ ምን ሆነሻል?» አለኝ።

ገና ስሜን ሲጠራ እንባዬ መጣ። «አባ በየቀኑ ከዛህራ ጋር ኳስ ሜዳ ይሄዳል።»

«ሄዶስ?»

«ባጃጁ ውስጥ ቁጭ ብለው ያወራሉ።»

ከማሉ ባልዲውን መሬት አስቀመጠ። «መሪውን የያዘው ማነው?»

ጥያቄው አልገባኝም። እናቴ ልትባረር ነው እያልኩት የመሪ ነገር ምን ያደርግለታል? «አባ» አልኩት።

ፊቱ ጠቆረ። እኔን ትቶ፣ ፈረሱን ሳያስር፣ ወደ መናኸሪያው ሄደ። ለእናቴ ያዘነላት መሰለኝ። አንድ ሰው እንኳ ቆመላት ብዬ ቀለል ብሎኝ ትምህርት ቤት ገባሁ።

በነጋታው አሥር የሚሆኑ ባለጋሪዎች ከማሉን ተከትለው በበራችን በኩል ወደ ሜዳው ሲያልፉ ሰማሁ። ሹልክ ብዬ ወጥቼ ተከተልኳቸው። ሜዳው ጋ ስንደርስ ጉሙ ውስጥ አንድ ዓይን ይበራል። ሞተሩ ይጮሃል፤ ብርሃኑ ይዞራል፤ ጎሉን አልፎ ይመጣል፤ እንደገና ይዞራል። ከኋላው የዛህራ ሻሽ ይታያል። ከፊት የተቀመጠው አባቴ ነው። ፈረስ የለም፤ ጅራፍ የለም፤ ልጓም የለም፤ ነገሩ ግን አባቴን ይዞ ይሄዳል። ወይም አባቴ ነው ይዞት የሚሄደው። ለምን እንደመጣሁ ጠፍቶብኝ አፌን ከፍቼ ቀረሁ።

ሰዎቹ ወደ ሜዳው መካከል ሲገቡ ብርሃኑ እነሱ ላይ አረፈና ቆመ። ሞተሩ ጠፋ።

«ሸምሶ» አለ ከማሉ። «እርስዎ» አላለውም። «ቃልህ የት አለ?»

አባቴ ወረደ። ኮፊያውን አውልቆ በእጁ ያዘ። «በልቼዋለሁ» አለ።

ከማሉን አልፎ ወደ ሌሎቹ ዞረ።

«ያስማልኳችሁም እኔ፣ የበላሁትም እኔ። ወልቂጤ ያየሁትን አይቼ ለእናንተ መንገር አቃተኝ። ይህች ነገር ብንቆምባትም ትገባለች። ፈረሶቻችን እያረጁ ነው፤ እኛም እያረጀን ነው። መማር ይሻላል ብዬ ነው።»

«ከሴት?» አለ ከማሉ።

«የሚያውቅ ወንድ ቡታጅራ ውስጥ አጣሁ።»

አንዱ ከኋላ «ከተማርክማ እስቲ አሳየን» አለ። ማላገጡ ነበር። አባቴ ግን ተመልሶ ተቀመጠ። ከጎኑ ያለውን የማስነሻ ብረት ወደ ላይ ሳበ፤ ሞተሩ ተነሣ። ትንሽ እንደመንቀሳቀስ አለና ተንፈራግጦ ጠፋ። ሰዎቹ ሳቁ። እንደገና ሳበ፤ እንደገና ጠፋ። አሁን ጎንበስ ብለው ሳቁ። ዛህራ ወርዳ እጇን አጣምራ ቆማለች፤ ልትረዳው አልተጠጋችም። የአባቴ ማጅራት ላይ ላቡ ሲወርድ ይታየኛል። ያ ሁሉ ሰው የሚታዘዝለት አባቴ፣ እኔ ባወጣሁት ወሬ፣ እዚያ ተቀምጦ ይሳቅበታል።

ያን ጊዜ እናቴ መጣች። የበርበሬ ቅርጫቷን አዝላ በእንሰቱ በኩል ወደ ሜዳው ገባች። አሁን ሁሉን ልታይ ነው ብዬ ዓይኔን ጨፈንኩ። ስገልጠው ሰዎቹን ሰላም ብላ አልፋቸዋለች። ዛህራ ጋ ደረሰች። ሁለቱ እጅ ለእጅ ተያያዙ፤ ጉንጭ ለጉንጭ ተሳሳሙ፤ በጉራጊኛ የሆነ ነገር ተባብለው ፈገግ አሉ። ከዚያ እናቴ ቅርጫቷን ባጃጇ ላይ ጫነች፣ ቀሚሷን ሰብስባ ከኋላ ገባች፣ ተደላድላ ተቀመጠች።

«ረፍዶብኛል» አለችው፤ ድምፅዋ ለሁሉም ይሰማል። «ገበያ አድርሰኝ።»

አድርሰኝ። በዚያ ሁሉ ወንድ ፊት።

ሳቁ ቆመ። አባቴ ዞሮ አያት። ከዚያ ብረቱን ሳበ። ሞተሩ ተነሣ፤ ተንፈራገጠ፤ አልጠፋም። መንቀሳቀስ ስትጀምር ከዛፉ ጀርባ ወጥቼ ሮጥኩ። እናቴ ያየችኝ ቀድማ ይመስላል፤ ምንም ሳትደነቅ በክንዴ ስባ አስገባችኝ።

ያንን መንገድ በጋሪ ሺ ጊዜ ሄጄበታለሁ። ጋሪ ላይ ሆኖ የሚታየው ግን የዳማ ጀርባ ነበር፤ ዓለም ሁሉ ከፈረስ ጀርባ ግራና ቀኝ የተረፈው ነው። ያን ቀን ከአባቴ ትከሻ በላይ መንገዱ ራሱ ባዶውን ወደ እኔ መጣ። ባሕር ዛፉ ወደ እኔ ይመጣል፤ የቆርቆሮው አጥር ይመጣል፤ የመስጊዱ ሚናራ ከጉሙ ወጥቶ ይመጣና በራሳችን ላይ ያልፋል። ነፋሱ ዓይኔን አስነባው። በመናኸሪያው በር ስናልፍ የተሰለፉት ጋሪዎች፣ የሻይ ሻጮቹ፣ የአውቶቡስ ረዳቶቹ ሁሉ ዞሩ። ዳማ ከዋርካው ሥር ታስሮ አባቴን ይጠብቅ ነበር። አንገቱን አዙሮ እስክንታጠፍ ድረስ ተመለከተን። እናቴ የእኔን እጅ በአንድ እጇ፣ ቅርጫቷን በሌላው ይዛ፣ ቀጥ ብላ ወደ ፊት ታያለች። ሙሽራ ትመስል ነበር።

ነገሩን ሁሉ የነገረችኝ ባለፈው ረመዳን ነው። እሷና ዛህራ የአንድ መንደር ልጆች ናቸው፤ ከአንድ ምንጭ ውሃ ቀድተው ያደጉ። ባለጋሪዎቹ በተማማሉ ማግስት ዛህራ ቤት ሄዳ «ባሌን አስተምሪልኝ» ያለቻት እሷ ናት። በዚያ ጠዋት ሰዎቹ በበራችን ሲያልፉ እሷም ሰምታ ኖሯል፤ የምታደርገውን ያወቀችው ግን ሜዳው ላይ ስትደርስ ነው። «ታዲያ ለእኔ ምነው አልነገርሽኝ?» አልኳት። «አፍሽ ወንፊት ነበር» አለችኝ።

ከዚያ በኋላ የሆነው ቀላል አልነበረም። አባቴ ሽማግሌ ልኮ ማኅበሩን ይቅርታ ጠየቀ፤ ሰብሳቢነቱን ለከማሉ ለቀቀ። ዳማን መስቃን ላለ ገበሬ ዘመዱ ሰጠው። ዛህራ ሁለተኛ ባጃጅ ስታስገባ ነጂዋ አባቴ ሆነ፤ ሴት የቀጠረችው ሰው ተባለ። አንድ ዓመት ሙሉ የጋሪ ሰዎች ሰላምታ ነሱት። መናኸሪያው በር ላይ ሲያልፍ ፊታቸውን ያዞራሉ፤ እሱ ግን በየቀኑ «አሰላሙ ዓለይኩም» እያለ ያልፋል። በዓመቱ አንድ ንጋት በራችን ተንኳኳ። ያረጋል ነው። «እስቲ ይህን ነገር አሳየኝ፤ ከመሞቴ በፊት» አለ። በሳምንቱ አራት ሆኑ፤ ከዚያ አሥራ አምስት። አባቴና ዛህራ በየተራ ሜዳው ላይ ያስተምሯቸው ጀመር። ዛሬ ቡታጅራ ውስጥ ባጃጅ ተቆጥሮ አያልቅም።

ከማሉ ግን አልመጣም። እስከ መጨረሻው አሸዋና ድንጋይ በጋሪ እንደጫነ ኖረ። የተቀበረ ዕለት አባቴ ባጃጁን ቤት አቁሞ በእግሩ ሄደ።

እኔ አሁን ወልቂጤ አስተምራለሁ። ያንን ወሬ ያወጣሁት እኔ መሆኔን ለአባቴ ነግሬው አላውቅም ነበር። ሃያ ዓመት በሆዴ ይዤው ኖርኩ። ባለፈው ወር ቡታጅራ ሄጄ፣ ጠዋት ደጃፍ ላይ ሻይ ስንጠጣ፣ በቃ ነገርኩት። ሁለተኛ ሚስት የመሰለችኝን፣ ዛፉን፣ ከማሉን፣ ሁሉንም።

አባቴ አልሳቀም። «አውቃለሁ» አለ። «ከማሉ ያኔውኑ ነግሮኛል። ልጅህ እያለቀሰች ነው የነገረችኝ አለኝ።»

«ታዲያ ለምን አልተቆጡኝም?»

ብርጭቆውን በሁለት እጁ ያዘ። «አርባ ቀን ነው ያንን ሜዳ የዞርኩት» አለኝ። «ዛህራ በሰባተኛው ቀን የቀረህን መንገድ ላይ ትማረዋለህ፣ ውጣ ብላኛለች። ነገ እወጣለሁ እላለሁ፤ ሲነጋ ደግሞ ነገ እላለሁ። ሰው ሲያየኝ ታየኝና ፈራሁ። ቢስቁብኝስ፣ ቢጠፋብኝስ እያልኩ። አንቺ እነሱን ይዘሽብኝ ባትመጪ ኖሮ እስከ ዛሬ እዚያው እዞር ነበር።»

አባቴ የሚፈራ ሰው መሆኑን የሰማሁት ያን ጠዋት ነው። ያ የጉሙ ውስጥ ብርሃን፣ ያ መዞሩ፣ በልጅነቴ እንደ ተአምር ያየሁት ነገር፣ አንድ የአርባ ስድስት ዓመት ሰው ወደ አስፋልት መውጫው ጋ እየደረሰ ሲመለስ ነበር። ሳውቀው ከበፊቱ የበለጠ ገረመኝ።

እሱ ሻዩን ጨረሰ። ቀና ብሎ ፀሐይዋን አየና ተነሣ።

«የወልቂጤው መኪና እንዳያመልጥሽ» አለኝ፤ ቁልፉን ከኪሱ እያወጣ። «ነይ፣ መናኸሪያ ላድርስሽ።»

ቦርሳዬን አንሥቼ ከኋላው ተቀመጥኩ።